ከመጋረጃው በስተጀርባ የኖረው የአዲስ አበባ ልጅ፤ ኒኮ ፓፓታኪስና የፈረንሳይ ሲኒማ

በጅማ ከተማ መካከል ጣሊያን በወረራው ዘመን ካሠራቸው ሕንጻዎች አንዱ ሲኒማ ቤት ነው። ማዘጋጃ ቤቱና ፖስታ ቤቱ ለመግዣ፣ ሲኒማ ቤቱ ደግሞ የገዢነት ስሜት መመገቢያ እንዲሆን ታስበው የቆሙ ነበሩ። ወራሪው ተባረረ፤ ግድግዳው ቀረ። ያ ሕንጻ በተሠራበት ዘመን፣ ያንኑ ወራሪ በጦር ሜዳ ተሰልፎ የተዋጋ አንድ ወጣት ኢትዮጵያዊ ከአገሩ ተሰድዶ በሜዲትራኒያን ዳርቻ ይንከራተት ነበር። ይህ ወጣት ከጊዜ በኋላ በፓሪስ የምሽት ትርኢት ቤት መሪ፣ የተከለከሉ ፊልሞች ገንዘብ አውጪ፣ ደራሲና ዳይሬክተር ሆኖ በፈረንሳይ የሲኒማ ታሪክ ውስጥ ለመግባት በቃ። ስሙ ኒኮ ፓፓታኪስ ይባላል። በተወለደበት አገር የሚያውቀው ሰው ግን ጥቂት ነው።

(ቀጥለው የሚጠቀሱት ዓመታት፣ ሌላ ካልተባለ በቀር፣ እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ፓፓታኪስ በ1918 በአዲስ አበባ ከኢትዮጵያዊት እናትና ከግሪካዊ አባት ተወለደ። በዚያ ዘመን በኢትዮጵያ ከተሞች የግሪክ ተወላጆችን ማግኘት እንግዳ ነገር አልነበረም። ዳቦ ጋጋሪው፣ ሆቴል ቤቱ፣ ግንበኛው፣ ባለመጋዘኑ ግሪክ ይሆን ነበር። ወደ ጅማና በዙሪያዋ ወዳሉት የቡና ከተሞች የተሻገሩትም ከአርመኑና ከየመኑ ዐረብ ጎን ቆመው ቡና ሲገዙ፣ ጨርቃ ጨርቅና ቆርቆሮ ሲሸጡ ኖረዋል። ብዙዎቹ ያገቡት ከአገሬው ነው። ልጆቻቸው በአባታቸው ቋንቋ ጸልየው በእናታቸው ቋንቋ ተጣልተው፣ ተጫውተውና ዘፍነው አደጉ። «ክልስ» የሚለው ቃል በእነዚህ ልጆች ላይ እንደ ቅጽል ተለጥፎባቸው ኖሯል፤ በፈረንጁ ዘንድ ጥቁር፣ በአገሬው ዘንድ ፈረንጅ መሆን ምን ማለት እንደሆነ ከእነሱ የበለጠ የሚያውቅ የለም። በፓፓታኪስ ፊልሞች ውስጥ ደጋግሞ የሚታየው፣ በሁለት ቤት ደጃፍ ቆሞ ከሁለቱም የማይገባው ሰው ከዚህ የመጣ እንጂ ከፓሪስ ካፌዎች የተቀዳ አይመስልም።

በ1928 ዓመተ ምሕረት መግቢያ ላይ የሙሶሊኒ ጦር ድንበር ጥሶ ሲገባ ፓፓታኪስ የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ነበር። አባቱ ኤውሮፓዊ በመሆኑ ከጦርነቱ ዳር ሊቆም ይችል ነበር፤ እሱ ግን ከእናቱ ወገኖች ጋር ተሰልፎ ተዋጋ። አዲስ አበባ በ1936 ስትያዝ ተሰደደ፤ መጀመሪያ ወደ ሊባኖስ፣ ከዚያም ወደ ግሪክ። ወራሪው በኋላ ያወጣቸው ሕጎች እንዲህ ላለው ልጅ ምን ደግሰው እንደነበር ማስታወስ ያስፈልጋል። በ1937 የወጣው ድንጋጌ አንድ ጣሊያናዊ ከአፍሪካዊት ጋር እንደ ባልና ሚስት ቢኖር ከ1 እስከ 5 ዓመት በሚደርስ እስራት እንዲቀጣ አዘዘ። በ1940 የወጣው ደግሞ ጣሊያናዊ አባት ከአገሬው ሴት የወለደውን ልጅ ልጄ ብሎ እንዳይቀበል ከለከለ። ፓፓታኪስ የጣሊያን ልጅ አልነበረምና ሕጉ በስም አይጠራውም፤ የሕጉ መንፈስ ግን የሱን ዓይነት ሰው ከሰው ቁጥር የሚያወጣ ነበር።

በ1939 ፓሪስ ሲገባ ሃያ አንድ ዓመቱ ነው። ዓመት ሳይሞላው ያቺም ከተማ በናዚ ጦር ተያዘች፤ ከፋሺዝም የሸሸው ስደተኛ ፋሺዝም ቀድሞት ደረሰበት ማለት ነው። በፓሪስ ኑሮው ሴን ዠርማን ደ ፕሬ በሚባለው ሰፈር ካፌዎች ከሚውሉት ጸሐፍት ጋር ተዋወቀ። ዣን ፖል ሳርትር፣ ዣክ ፕሬቬር፣ አንድሬ ብረቶን ከእነዚህ መካከል ነበሩ። ከሁሉም በላይ በዕድሜው ላይ ጥላውን የጣለው ግን ከእስር ቤት ወደ ሥነ ጽሑፍ የመጣው ዣን ዥኔ ነው። ዥኔ ያለ አባትና እናት በማደጎ ያደገ፣ በሌብነት ተከስሶ ደጋግሞ የታሰረ፣ በእስር ቤት ሆኖ የጻፈ ሰው ነበር። ሁለቱን ያገናኛቸው ሥነ ጽሑፍ ብቻ አልነበረም፤ ሁለቱም የፈረንሳይን ማኅበረሰብ ከውጭ ሆነው በመስኮት የሚያዩ ነበሩ።

ጦርነቱ ካበቃ በኋላ ፓፓታኪስ «ሮዝ ሩዥ» የተባለውን የምሽት ትርኢት ቤት ይመራ ጀመር። ቀይ ጽጌረዳ ማለት ነው። ቤቱ መነሻው በሌላ ሰፈር ሲሆን፣ ስሙ የገነነው በ1948 ወደ ሬን ጎዳና ከተዛወረ በኋላ ነው። ስለዚህ ቤት ሲነገር ብዙ ጊዜ የሚነሳው የጭሱና የመጠጡ፣ እስከ ሌሊት የሚቆየው የወጣቱ ጭፈራ ነው። ይህ የላይ ላዩ ገጽታ ነው። ሮዝ ሩዥ በእውነቱ ታላላቆቹ ቲያትር ቤቶች በራቸውን የዘጉባቸው ወጣቶች መድረክ ነበር። «ፍሬር ዣክ» የሚባሉት አራት ዘፋኞች ባርኔጣ ደፍተው፣ ነጭ ጓንት አጥልቀው፣ ሰውነታቸው ላይ የተጣበቀ ልብስ ለብሰው እያንዳንዱን ዘፈን እንደ አጭር ተውኔት የተጫወቱት እዚያ ነው። የኢቭ ሮቤር ጓድም የደራሲ ሬሞን ኬኖን «የአጻጻፍ ልምምዶች» ወደ መድረክ ያወጣው በ1949 በዚሁ ቤት ነበር። መጽሐፉ በአውቶቡስ ውስጥ የተፈጸመችን አንዲት ተራ ገጠመኝ በ99 ልዩ ልዩ መንገድ የሚተርክ ነው። ይህን መድረክ ላይ አያለሁ ብሎ ገንዘቡንና ቤቱን የሚሰጥ ሰው ካልተገኘ እንዲህ ያለ ሙከራ በወረቀት ላይ ይቀራል።

የአዝማሪ ቤት የሚያውቅ አንባቢ የቤቱ ባለቤት ምን ዓይነት ሰው መሆን እንዳለበት ይገባዋል። ራሱ ማሲንቆ አይመታም፤ ቅኔውንም አይቀኝም። ነገር ግን የትኛው አዝማሪ በየትኛው ምሽት ለየትኛው እድምተኛ እንደሚሆን፣ መቼ ዝም ማለት እንዳለበት፣ ነገር ሲካረር መቼ ጣልቃ መግባት እንደሚገባው ያውቃል። በጥበብ ታሪክ መጻሕፍት ውስጥ የእንዲህ ያለው ሰው ስም በግርጌ ማስታወሻ ይቀራል። ፓፓታኪስ ከሠላሳ ዓመቱ እስከ አርባዎቹ የኖረው ይህንኑ ኑሮ ነው።

በ1950 ዣን ዥኔ በሕይወቱ አንድ ጊዜ ብቻ ፊልም ሠራ። ገንዘቡን ያወጣው ፓፓታኪስ ነው። የእስር ቤቱም ክፍሎች የተሠሩት በዚያው በሮዝ ሩዥ ሕንጻ ውስጥ ነበር። «የፍቅር ዜማ» የተባለው ይህ ፊልም ግማሽ ሰዓት የማይሞላ፣ ድምፅ አልባ፣ ጥቁርና ነጭ ነው። ግድግዳ የለያቸው ሁለት እስረኞች በቀዳዳ ውስጥ ባሳለፉት ሰንበሌጥ የሲጋራ ጭስ ይቀባበላሉ፤ ጠባቂው በበሩ ቀዳዳ ያያቸዋል። በወንዶች መካከል ያለን ፍቅርና ገላን ያለ መሸፋፈን በማሳየቱ ለብዙ ዓመታት በግልጽ ሊታይ አልቻለም። በ1964 በኒው ዮርክ ያሳየው ዮናስ ሜካስ የተባለ የፊልም ሰው እስከ መታሰር ደርሷል። የፊልሙን ጉዳይ አንባቢ እንደየሕሊናው ይፍረደው። ለዚህ ታሪክ የሚፈለገው ግን ሌላ ነገር ነው፤ ፓፓታኪስ ገንዘቡን ያፈሰሰው አንድ ሳንቲም እንኳ እንደማትመለስለት በሚያውቀው ሥራ ላይ ነበር። ወዳጅነቱም እስከ መጨረሻው አልዘለቀም። በ1975 የፈረንሳይ የሲኒማ ተቋም ለፊልሙ ሽልማት ሲሰጥ ዥኔ አልቀበልም ብሎ ለባህል ሚኒስትሩ ደብዳቤ ጻፈ፤ ከፓፓታኪስም ጋር ተቆራረጡ። የከለከለህ መንግሥት ሃያ አምስት ዓመት ቆይቶ ሲሸልምህ መቀበል ይገባል ወይስ አይገባም? ሁለቱም የየራሳቸው እውነት ነበራቸው።

ፓፓታኪስ በ1951 ተዋናይት አኑክ ኤሜን አገባ፤ ሴት ልጅ ወለዱ፤ ትዳሩ በ1954 ፈረሰ። በ1957፣ ፈረንሳይ በአልጄሪያ የምታካሂደው ጦርነት እያንገፈገፈው፣ ወደ ኒው ዮርክ ተሻገረ። እዚያም እንደ ልማዱ ከሌላ ሰው ሥራ ጀርባ ቆመ። ጆን ካሳቬትስ የተባለ ወጣት ተዋናይ ከቲያትር ተማሪዎቹ ጋር በልምምድ የጀመረውን «ጥላዎች» የተባለ ፊልም መጨረሻ አጥቶ ነበር። ፓፓታኪስ ፊልሙ እንዲያልቅ ገንዘብ ካዋጡት አንዱ ሆነ፤ በ1959 ተፈጸመ። ታሪኩ የሦስት ጥቁር አሜሪካውያን ወንድማማችና እህት ነው። አንደኛው መልኩ የጠቆረ፣ ሁለቱ ግን ነጭ የሚመስሉ ናቸው። እህቲቱን የወደዳት ነጭ ወጣት ጥቁሩን ወንድሟን ባየ ጊዜ ፊቱ ይለዋወጣል። ከሐኪሙና ከዳኛው ቀድሞ ፊት የሚናገረው ያ አንድ ቅጽበት የፊልሙ ልብ ነው። የአዲስ አበባው ክልስ ይህን ፊልም ለምን እንደወደደው የሚጠይቅ አይኖርም። ፊልሙ ዛሬ የአሜሪካ ነጻ ሲኒማ መነሻ ተደርጎ ይቆጠራል።

እዚህ ላይ አንድ የስም ነገር አለ። ክሪስታ ፔፍገን የተባለችውን ጀርመናዊት ሞዴል ሄርበርት ቶቢያስ የሚባል ፎቶግራፍ አንሺ «ኒኮ» ብሎ የጠራት በወዳጁ በፓፓታኪስ ስም ነው። ከጊዜ በኋላ ከፓፓታኪስ ጋር ስትኖር ዘፈን እንድትማር ያበረታታት እሱ ነበር። በ1960ዎቹ «ቬልቬት አንደርግራውንድ» ከተባለው የሙዚቃ ጓድ ጋር በዓለም የታወቀችው ኒኮ እሷ ናት። ባለስሙ ከተረሳ በኋላ ስሙ በሌላ ሰው ላይ ሆኖ ዓለምን ዞረ።

የራሱን የመጀመሪያ ፊልም ሲያቀርብ አርባ አምስት ዓመት ሊሞላው ጥቂት ወራት ቀርተውት ነበር። «አዘቅቱ» ሊባል የሚችለው ይህ የ1963 ፊልም መነሻው እውነተኛ ወንጀል ነው። በየካቲት 1933 ለ ማን በተባለች የፈረንሳይ ከተማ ክሪስቲንና ሌአ ፓፓን የተባሉ እህትማማች ገረዶች እመቤታቸውንና የእመቤታቸውን ልጅ በአሰቃቂ ሁኔታ ገደሉ። አገሩ ሁሉ ተደናገጠ፤ ጸሐፍት ግን ከድርጊቱ ጀርባ ያለውን የገረድነት ኑሮ ይመረምሩ ጀመር። ዥኔም በ1947 «ገረዶቹ» የተባለውን ተውኔት ለመድረክ ሲያበቃ ሰዎች ይህንኑ ወንጀል አስታወሱ። ፓፓታኪስ የፊልሙን ጽሑፍ ያሠራው በጸሐፊ ተውኔቱ በዣን ቮቲዬ ነው። ገረዶቹን የተጫወቱት ፍራንሲንና ኮሌት ቤርዤ በእውነትም እህትማማቾች ናቸው።

በፊልሙ ውስጥ ጌቶቹ የከሰሩ የወይን ባለርስቶች ሲሆኑ ገረዶቹ ሦስት ዓመት ደመወዝ አልተከፈላቸውም። ቤቱ ሊሸጥ ነው። እህትማማቾቹ ይጮኻሉ፣ ዕቃ ይሰብራሉ፣ ግድግዳ ይልጣሉ፣ ይስቃሉ፣ ያለቅሳሉ። የጌቶቹ ልጅ ታዝንላቸዋለች፤ ሐዘኔታዋ ግን ደመወዝ አይሆንም። ፊልሙ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በጩኸት የተሞላ በመሆኑ ተመልካችን ያደክማል፤ ይህ ጉድለቱ ነው። በጩኸቱ መካከል ጸጥታ ቢኖር ጩኸቱ የበለጠ በተሰማ ነበር። ይሁንና በሰው ቤት ያደገችን፣ ዓመት በበዓል አንድ ቀሚስ እየተሰፋላት «እንደ ልጃችን ናት» የተባለላትን ልጅ በየከተሞቻችን ያየ ሰው፣ ያ ጩኸት ከየት እንደሚወጣ አይጠፋውም።

ፊልሙ ፈረንሳይን ወክሎ በካን ፌስቲቫል እንዲቀርብ ሲጠየቅ የምርጫው ኮሚቴ አልተቀበለውም። የባህል ሚኒስትሩ አንድሬ ማልሮ ግን ውሳኔውን ሽሮ እንዲቀርብ አደረገ። በፌስቲቫሉ ላይ ሁከት ተነሣ። ሳርትር፣ ሲሞን ደ ቦቯር፣ ብረቶን፣ ፕሬቬርና ዥኔ ፊልሙን ደግፈው በ«ለ ሞንድ» ጋዜጣ ላይ ጻፉ። ሳርትርና ብረቶን በአንድ ነገር መስማማታቸው በራሱ ዜና ነበር ማለት ይቻላል። የአልጄሪያው ጦርነት ካበቃ ዓመት ሊሞላው ነው፤ ተመልካቹ በሁለቱ ገረዶች ጩኸት ውስጥ የማንን ድምፅ እንደሚሰማ ያውቅ ነበር።

ሁለተኛው ፊልሙ «የሁከት እረኞች» በአባቱ አገር በግሪክ የተቀረጸ ነው። ወደ ውጭ ሄዶ ሳይሳካለት የተመለሰ ድኻ እረኛ የሀብታም ልጅ ይመኛል፤ መንደሩ በሙሉ ይነሣበታል። ልጅቷን የተጫወተችው ኋላ ባለቤቱ የነበረችው ኦልጋ ካርላቶስ ናት። ፊልሙ በ1967 ሲወጣ በዚያው ዓመት ሚያዝያ የጦር መኮንኖች በግሪክ ሥልጣን ይዘው ነበር። ስለ ጋብቻ፣ ስለ ዘር ቆጠራና ስለ ድኽነት የሚናገረው ክፍል የገጠር ኑሮን ለሚያውቅ ኢትዮጵያዊ ተመልካች ትርጉም አያሻውም። ከአምስቱ ሥራዎቹ የሚልቀውም ይኸው ይመስላል፤ እዚህ ጩኸቱ ተራራና ሜዳ አግኝቷል፤ እንደ «አዘቅቱ» በአንድ ቤት ውስጥ አልታፈነም።

በ1976 የቀረበው «ግሎሪያ ሙንዲ» እጅግ ከባዱ ነው። አንዲት ተዋናይት በፈረንሳይ ወታደሮች እጅ ስቃይ የደረሰባትን የአልጄሪያ ታጋይ ለመጫወት ስትዘጋጅ፣ ሥቃዩን በእውነት ለመግለጽ በራሷ ገላ ላይ ትሞክረዋለች። ጥያቄው የተዋናይ ሁሉ ጥያቄ ነው፤ የሌላውን ሕመም መጫወት መመስከር ነው ወይስ መነገድ? ፊልሙ ብዙም ሳይቆይ ከሲኒማ ቤቶች ወረደ። በዚያው በ1976 የኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ለዓለም ቀረበ። የአንዱ ገበሬና ባለርስት በኢትዮጵያ ምድር፣ የሌላው ተዋናይት በፓሪስ፤ ሁለቱም ግን በትዕግሥት የማይታለፍ ነገር እንዳለ የሚናገሩ ፊልሞች ናቸው። (በ«ጉማ» ፊልም ዳይሬክተርነቱ የሚታወቀው ሚሼል ፓፓታኪስ ሌላ ሰው ነው፤ አንባቢ በአባት ስማቸው እንዳያምታታቸው።)

ቀጥሎ ዐሥር ዓመት ዝምታ ሆነ። በ1986 የተሠራው «ፎቶግራፉ» ከመኮንኖቹ አገዛዝ ሸሽቶ ፓሪስ የገባ የግሪክ ወጣት ታሪክ ነው። ወጣቱ መንገድ ላይ ወድቆ ያገኘውን የአንዲት ሴት ፎቶግራፍ ይዞ ይመጣል። ያስጠጋው ብቸኛ ሽማግሌ ስደተኛ ሴቲቱ የወጣቱ እኅት ትመስለውና በፎቶግራፉ ፍቅር ይወድቃል። ወጣቱም የሚኖርበትን እንዳያጣ ውሸቱን ያሳድገዋል፤ ደብዳቤ ይመጣል፣ ገንዘብ ይላካል፣ የሰርግ ነገር ይታሰባል። ይህ ፊልም ዝግ ያለ ነው፤ የስድሳ ስምንት ዓመት ሰው መጮኽ እንደማያስፈልግ የተረዳበት ሥራ ነው። በውጭ አገር ዘመድ ያለው፣ በፎቶግራፍ የታጨ፣ በደብዳቤ የኖረ ሰው በየቤቱ ባለበት በአገራችን ይህ ፊልም ቢታይ አዳራሹ ጸጥ ባለ ነበር።

የመጨረሻው፣ የ1991ዱ «ገመድ ተራማጆቹ»፣ ወደ ዥኔ የተመለሰ ነው። ሚሼል ፒኮሊ የተጫወተው ታላቅ ደራሲ፣ ከአልጄሪያዊ አባትና ከጀርመናዊት እናት የተወለደን የሰርከስ ሠራተኛ በገመድ ላይ ተራማጅ አደርግሃለሁ ብሎ ያነሣዋል፤ ከዚያ ይጥለዋል። ታሪኩ ዥኔ ካሠለጠነው በኋላም በ1964 ራሱን ካጠፋው ከአብደላ ቤንታጋ ሕይወት የተቀዳ ነው። ፓፓታኪስ ለቀድሞ ወዳጁ የከፈለው ብድር ነው ወይስ የበቀለው በቀል? ፊልሙ ሁለቱንም ይሆናል። የደራሲውን ታላቅነት አይክድም፤ የታላቅነቱን ዋጋ የከፈለው ማን እንደሆነ ግን በስም ይጠራል። ከገመዱ የሚወድቀውም እንደ ፓፓታኪስ የሁለት አገር ልጅ ነው።

በ28 ዓመት አምስት ፊልም። ከአምስቱ አንዱ እንኳ በኢትዮጵያ አልተሠራም፤ ስለ ኢትዮጵያም አይናገርም። ይህ እንደ ነቀፋ ሊነሣ ይችላል። አገሩን ለመከላከል በአሥራ ሰባት ዓመቱ የተሰለፈ ሰው ካሜራውን ወደ እሷ አላዞረም። ነገር ግን ገረዶቹን፣ እረኛውን፣ አልጄሪያዊቱን፣ ስደተኛውንና ገመድ ተራማጁን ጎን ለጎን ላቆማቸው ሰው፣ የ1928ቱ ዘማች በሁሉም ውስጥ ይታያል። ሁሉም አቅሙ ከሚበልጠው ኃይል ጋር የሚታገሉ ናቸው፤ አንዳቸውም አይለምኑም። ሌላም ምክንያት አለ። ፊልም ገንዘብ ይፈልጋል፤ የእሱ ገንዘብና የሚያምኑበት ጥቂት ሰዎች የነበሩት በፓሪስ ነው። ለሌሎች ሥራ የሰጣቸው ዓመታትም ከራሱ ዕድሜ የተቀነሱ ናቸው። ሮዝ ሩዥን፣ «የፍቅር ዜማ»ንና «ጥላዎች»ን ከአምስቱ ፊልሞች ጋር ያልደመረ ሰው ሂሳቡን አጉድሎ ይይዛል።

በ2003 የሕይወት ታሪኩን በፈረንሳይኛ አሳተመ። ርእሱ «ተስፋ መቁረጥ ሁሉ የተፈቀደ ነው» የሚል ነው። ሰማንያ ዓመቱን ካለፈ በኋላም «ግሎሪያ ሙንዲ»ን አውጥቶ እንደገና ቆርጦ ቀጥሎ ለተመልካች አቀረበው። ታኅሣሥ 17 ቀን 2010 በፓሪስ ሲሞት ዘጠና ሁለት ዓመቱ ነበር።